ዝም ማለት መልስ ነው እንዴ?

ሰሞኑን አንድ የቀድሞ ተማሪዬ ደወለልኝ። ፖሊስ ነው፤ ሕግ የተማረውም በማታው ክፍለ ጊዜ፣ ብዙ ጊዜ ከነዩኒፎርሙ እየመጣ ነበር። «መምህር፣ ከዳ ተባልኩ እኮ» አለኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። የፈረመውን የግዴታ ዘመን ጨርሷል። እናቱ ታመው አስታማሚ ሲያጡ የመልቀቂያ ጥያቄ በጽሑፍ አስገባ። አንድ ወር ጠበቀ፣ ሁለት ወር ጠበቀ። በጠየቀ ቁጥር «ከላይ ገና አልመጣም» ነው። በአምስተኛው ወር መሣሪያውንና መታወቂያውን አስረክቦ እናቱ ጋ ሄደ። አሁን ክሊራንስ የለ፣ የሥራ ልምድ ማስረጃ የለ፤ ማኅደሩ ላይ የኮበለለ ተብሎ ተጽፏል።

እስቲ ሕጉን እንየው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የሙከራ ጊዜውን የጨረሰ ሠራተኛ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ እንዲለቅ ይፈቅድለታል። ሠራተኛው ያሳውቃል እንጂ አያስፈቅድም። የፖሊስ አባላት ግን በዚሁ አዋጅ አንቀጽ 3 ከተፈጻሚነቱ ወጥተዋል፤ የሚተዳደሩት በራሳቸው ሕግ ነው። ተማሪዬ በሚተዳደርበት ደንብ መልቀቅ «ጥያቄ» ነው። ጥያቄ ካለ ደግሞ ፈቃጅ አለ።

ይህን ልዩነት አልቃወምም። የታጠቀ ሰው ደብዳቤ ጥሎ ከጥበቃ ቦታው ይሂድ የሚል የለም። የ1996ቱ የወንጀል ሕግ የውትድርና ወንጀሎችን በደነገገበት ክፍል ፖሊስንም አብሮ ያነሳው ያለ ነገር አይደለም።

እኔን የሚያናድደኝ ዝምታው ነው። እምቢ ቢሉት ይግባኝ ይል ነበር። ዝም ሲሉት ምን ይዞ ይሂድ? ፍርድ ቤት ሲደርስ መጀመሪያ የሚጠየቀው «የምትቃወመው ውሳኔ የታለ?» ተብሎ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 ፍትሕ የማግኘት፣ በአንቀጽ 41 ሥራን የመምረጥ መብት ሰጥቷል። ግዴታውን ለጨረሰ ሰው አንድ ያልተመለሰ ደብዳቤ ሁለቱንም ይዘጋበታል።

የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የአስተዳደር ውሳኔ በጽሑፍ፣ ከነምክንያቱ እንዲሰጥ ያዛል። የፖሊስን የውስጥ አስተዳደር እስከ ምን ድረስ ይነካል የሚለው ያከራክራል፤ ያከራክር። የጊዜ ገደብ በሌለባቸው ደንቦች ላይ «በ60 ቀን ውስጥ በጽሑፍ ካልተመለሰ እንደተፈቀደ ይቆጠራል» የሚል አንድ መስመር መጨመር ግን ምን ይከብዳል? አለቃው ሰው ካጠረው ይከልክል፤ ግን ፈርሞ ይከልክል።

ዩኒፎርም ለብሳችሁ ይህን ለምታነቡ፦ መልስ ሳታገኙ አትሂዱ። ደብዳቤያችሁን መዝገብ ቤት አስገብታችሁ ቀሪው ላይ ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም አስመቱ። ሲዘገይ በየወሩ አስታዋሽ ጻፉ። በቃል የተባላችሁትን ነገር ፍርድ ቤት ውስጥ ማስረዳት ይከብዳል።

ተማሪዬ ከዚህ ሁሉ ያደረገው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ መሣሪያውን ሲያስረክብ የርክክብ ሰነዱን ፎቶ ኮፒ ይዞ ወጥቷል። የንብረት ክፍሉ ኃላፊ ፈርሞ፣ ማኅተም መትቶ ተረክቦታል። እንግዲህ የሚኮበልል ሰው ርክክብ ይፈራረማል እንዴ? ክርክራችንን የምንጀምረው ከዚህች ወረቀት ነው።

ቀጠሮው በወሩ መጨረሻ ነው። ተመሳሳይ መዝገብ የያዛችሁ የቀድሞ ተማሪዎቼ ካላችሁ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ።