በርበሬው ደርሷል፣ መጽሐፉ የት ቀረ?

እስቲ ከወጥ እንጀምር። ላሊበላን ከአለት የፈለፈሉት አባቶቻችን ቀይ በርበሬ ቀምሰው አያውቁም። አንድም ቀን! የወጣቸው ቅመም ሌላ ነበር፤ ዛሬ ያለ እሱ ወጥ ወጥ አይመስለንም የምንለው በርበሬ ያኔ ገና ውቅያኖስ አልተሻገረም። አገሩ አሜሪካ ነው፤ ወደዚህኛው የዓለም ክፍል የመጣው ኮሎምበስ በ1492 እ.ኤ.አ. እዚያ ከደረሰ በኋላ ነው። በቆሎም፣ ድንችም፣ ቲማቲምም፣ ዱባም፣ ፓፓያም፣ ትምባሆም እንደዚሁ። በለስ ሳትቀር! በሜክሲኮ ባንዲራ መሐል ንስሩ የቆመባት እሾሃም ተክል በለስ ናት። "ቲማቲም" እና "አቮካዶ" ስንል ደግሞ አዝቴኮች ይናገሩት ከነበረው ከናዋትል ቋንቋ የተመዘዘ ቃል ነው አፋችን ላይ ያለው።

ይህን የምንጽፈው ውርጌሳ ሆነን ነው። ለማታውቋት፣ ከደሴ ወደ ወልዲያ ስትሄዱ ውጫሌን አልፋችሁ መርሳ ሳትደርሱ የምታገኟት ከተማ ናት፤ ሐብሩ ወረዳ፣ ሰሜን ወሎ። ሹፌሩ ካልቆመላችሁ በመስኮት አይታችሁ የምታልፏት። ገበያዋ ላይ በርበሬው በጆንያ፣ ቲማቲሙ በመደብ ተዘርግቶ ይታያል። የጠፋው ይህን ሁሉ እህልና ቅመም ከዱር አላምደው ለዓለም የሰጡት ሕዝቦች እነማን እንደሆኑ የሚነግረን የአማርኛ መጽሐፍ ነው። "ውርጌሳ ደግሞ መቼ መጽሐፍ ይሸጣል?" እንዳትሉን። ደሴም ወልዲያም ጠይቀናል፤ አዲስ አበባም ብሔራዊ ቴአትር አካባቢ መሬት ላይ ከሚዘረጉት ልጆች ጋር ተጨቃጭቀናል። "ስለ አሜሪካ" ስንል የሚወጣልን አንድ ዓይነት ነው፤ የሚሊየነሮች የስኬት ምክር፣ የፕሬዚዳንቶች የሕይወት ታሪክ፣ የሲአይኤ ሴራ። አሜሪካ ማለት ለእኛ አንድ አገር ናት፤ ለዓመታት ዲቪ ስንሞላላት የኖርናት። ከዚያች አገር በስተደቡብ ያለው ግዙፍ ምድር ሁሉ በእኛ ጭንቅላት ውስጥ ወይ እግር ኳስ ነው ወይ ታክሲ የምንይዝበት ሜክሲኮ አደባባይ።

"የእርዳታ መጻሕፍት አሉ አይደል እንዴ?" የሚል አይጠፋም። አሉ! ተማሪ ሳለን በነበርንበት ትምህርት ቤት (ስሙ ይቆይ) አንድ ሙሉ መደርደሪያ የአሜሪካ ታሪክ ነበር። ወፋፍራም፣ ሽፋናቸው እንደ ጣውላ የጠነከረ፣ ወረቀታቸው የሚያብለጨልጭ፣ በእንግሊዝኛ የተጻፉ። ሽፋኑን ስትገልጡ ማኅተም አለ፤ ከማኅተሙ ሥር መጽሐፉን በየዓመቱ ሲቀባበሉት የነበሩ የአሜሪካ ልጆች ስም በየራሳቸው እጅ ጽሑፍ ተደርድሯል። የመጨረሻው ልጅ ከመለሰው በኋላ "አርጅቷል" ተብሎ ለእኛ ተላከ ማለት ነው። ለእኛ ግን ከመምህራችን ደመወዝ የሚበልጥ ዕቃ ስለሚመስል አይነካም።

"ጋሼ፣ ይቺን አንዴ ልያት?"

"ይቆሽሻል! የእርዳታ ነው፣ ይቆጠራል። እዚሁ ቆመሽ እይው።"

ቆመን አየነው። መርከብ፣ ባለ ትልልቅ ባርኔጣ ሰዎች፣ በሠረገላ ወደ ምዕራብ የሚጓዝ ቤተሰብ። ከምዕራፉ መጨረሻ ላይ የምትኖሩበት ስቴት መቼ ወደ ኅብረቱ እንደገባ ፈልጉ የሚል የቤት ሥራ አለ። እኛ የምንኖርበት ስቴት ሐብሩ ነው! በሳቅ ሞትን። አሁን ስናስበው ግን ብዙም አያስቅም። መጽሐፉ በራሱ መጥፎ አልነበረም፤ ሌላ ቦታ ላለ ሌላ ልጅ የተጻፈ ነበር። በ2013 ክረምትና በ2014 ዓ.ም. መጀመሪያ ጦርነቱ በሰሜን ወሎ ሲያልፍ ስንት ትምህርት ቤት ከነመደርደሪያው ተጎድቷል። እንግዲህ መደርደሪያው ሲመለስ በምን ይሞላ የሚለው የእኛ የልጅነት ትዝታ ብቻ አይደለም።

በአማርኛ ያለችን ጥቂት ነገር ራሷ መቃናት አለባት። እስከ ዛሬ "ቀይ ህንዶች" ነው የምንለው። ኮሎምበስ ህንድ የደረሰ መስሎት ስም አወጣ፤ ሌሎች ቀለም ጨመሩበት፤ እኛ ደግሞ ሳናጣራ ተረጎምነው። ህንድም አይደሉም፣ ቀይም አይደሉም። ላኮታ አሉ፣ ናቫሆ አሉ፣ ማያ አሉ፣ ኬቹዋ አሉ፤ በሚሊዮን የሚቆጠሩ፣ ዛሬም ያሉ፣ በየቋንቋቸው የሚያወሩ። ሰው ራሱን በማይጠራበት ስም መጠራት ምን ያህል እንደሚያቆስል ኢትዮጵያ ውስጥ ላደገ ሰው ማስረዳት የሚያስፈልግ አይመስለንም።

አንድ ትልቅ ሀብት ግን አለን። ነቢይ መኮንን በደርግ እስር ቤት ሆኖ የማርጋሬት ሚቸልን ልብ ወለድ በሲጋራ ፓኮ ወረቀት ላይ፣ ወደ 3,000 በሚጠጋ ብጣሽ፣ ተርጉሞ "ነገም ሌላ ቀን ነው" አለው። ከዚህ የበለጠ የትርጉም ጀግንነት አናውቅም። አማርኛው ይጣፍጣል፤ እናቶቻችን ስካርሌትን እንደ ጎረቤት ልጅ ያሟታል። ግን ልብ በሉ፣ በ1936 እ.ኤ.አ. የታተመው ይህ ልብ ወለድ የአሜሪካን የእርስ በርስ ጦርነት የሚያየው ከባሪያ አሳዳሪዎቹ ሰገነት ላይ ሆኖ ነው። ጥቁሮቹ በውስጡ ወይ ታማኝ አገልጋይ ናቸው ወይ የሚያስፈሩ። ከጎኑ ሌላ መጽሐፍ ቢኖር ግድ የለም፣ እያስተያየን እናነብ ነበር። ብቻውን ሲቆም ግን የአሜሪካ ደቡብ ታሪክ በአማርኛ የጌቶቹ ትዝታ ሆኖ ይቀራል።

ከእነዚያ ጌቶች ጄኔራሎች አንዱ ደግሞ እኛ ዘንድ ድረስ መጥቶ ነበር። ዊልያም ሎሪንግ ይባላል። በወጣትነቱ ፍሎሪዳ ውስጥ ሴሚኖሎችን ወጋ። በ1847 ሜክሲኮ ከተማ ላይ ሲዋጋ አንድ ክንዱን አጣ። ቀጥሎ ኒው ሜክሲኮ ውስጥ አፓቼዎችን ተዋጋ። የእርስ በርሱ ጦርነት ሲነሳ ለደቡቦቹ ጄኔራል ሆነ። ሲሸነፉ ሥራ ፈታና ለግብፁ ኬዲቭ ኢስማኤል ተቀጠረ። መጋቢት 1876 አፄ ዮሐንስ ጉራ ላይ የግብፅን ጦር ሲገጥሙ የዚያ ጦር ኤታ ማዦር ሹም ማን ነበር? ይኸው ባለ አንድ ክንዱ ሎሪንግ! ተመታና ተመለሰ። በዚያው ዓመት ሰኔ ላይ ደግሞ ላኮታዎችና ቼየኖች ሊትል ቢግሆርን በሚባል ወንዝ ዳር የኩስተርን ጦር ደመሰሱ። ጉራን ሁላችንም ትምህርት ቤት ተምረናል። ከጉራ ማዶ የቆመው ሰውዬ የመጣበትን መንገድ ግን ማንም አልነገረን፤ የዚያ ሰው ዕድሜ ብቻውን የግማሽ አህጉር ታሪክ ነበር።

"የራሳችንን ታሪክ ሳናውቅ የሰው ታሪክ ምን ይፈይድልናል?" ለሚሉን ወዳጆቻችን መልሳችን ውጫሌ ናት። ጎረቤታችን ናት እኮ! በ1889 (በእኛ 1881 ዓ.ም.) የተፈረመው ውል አንቀጽ 17 በአማርኛ አንድ ነገር፣ በጣሊያንኛ ሌላ ነገር ይላል፤ የመጣውን ታውቁታላችሁ። አሁን ደግሞ ይህን ስሙ። በ1868 የአሜሪካ መንግሥት ፎርት ላራሚ ላይ ከላኮታዎች ጋር ተዋዋለ። ብላክ ሂልስ የሚባሉት ተራሮች የእናንተ ናቸው ብሎ ፈረመ። በ1874 ተራሮቹ ላይ ወርቅ ተገኘ፤ በ1877 ተወሰዱ። ታኅሣሥ 1890፣ ውጫሌ ከተፈረመ ሁለት ዓመት ሳይሞላው፣ ውንድድ ኒ በሚባል ቦታ ሴቱም ሕፃኑም ሳይለይ ተጨፈጨፉ። እኛ አድዋ ነበረን፤ እነሱ አልነበራቸውም። ነገሩ ግን እዚያ አላለቀም። በ1980 የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ከ100 ሚሊዮን ዶላር በላይ ካሣ ይከፈላቸው ብሎ ፈረደ። ላኮታዎቹ ገንዘቡን አንነካም አሉ፤ ዛሬም አልነኩትም። መሬታችንን ነው የምንፈልገው አሉ። ይህን ታሪክ በአማርኛ ለአንድ የሐብሩ ገበሬ አንብቡለት፤ ማብራሪያ አይጠይቃችሁም።

ከውጫሌ ወደ ደቡብ ወረድ ስትሉ ደግሞ ሐይቅ እስጢፋኖስን ታገኛላችሁ፤ አባ ኢየሱስ ሞዓ በ13ኛው ክፍለ ዘመን ወንጌል ያስጻፉበት ገዳም ነው። ማያዎችም የራሳቸው ፊደል፣ የራሳቸው መጽሐፍ ነበራቸው፤ ከዛፍ ልጥ በተሠራ ወረቀት ላይ የተጻፈ፣ ልክ እንደ እኛ ሰንሱል እየታጠፈ የሚዘጋ። በ1562 ዲዬጎ ዴ ላንዳ የሚባል የስፔን መነኩሴ "የሰይጣን ነው" ብሎ ማኒ በምትባል ከተማ አቃጠላቸው። ዛሬ በዓለም ላይ የሚታወቁት የማያ መጻሕፍት አራት ብቻ ናቸው። የሐይቅና የአካባቢው ገዳማት መጽሐፍ በሙሉ ነዶ አራት ተረፈ ብላችሁ አስቡት።

ታዲያ ማን ይጻፍልን፣ ማን ይተርጉምልን? ከእንግሊዝኛ ለሚተረጉም የእኛ ምርጫ ሲ.ኤል.አር. ጄምስ በ1938 ስለ ሄይቲ ባሮች አብዮት የጻፈው "ብላክ ጃኮቢንስ" ነው። ሰውዬው በፋሺስት ወረራ ጊዜ ለንደን ውስጥ ስለ ኢትዮጵያ ሲጮኹ ከነበሩት አንዱ ነው። በዚያው ዘመን፣ በ1937፣ የወሎው ተወላጅ ዶክተር መላኩ በያን ኒውዮርክ ላይ ጥቁር አሜሪካውያንን አሰባስቦ የኢትዮጵያ ዓለም ፌዴሬሽንን አቋቁሟል። ባዕድ ታሪክ ነው የምትሉ ይህንን የት እናስቀምጠው?

የስፓኒሹ ነገር ግን ጊዜ አይሰጥም። በ1970 ዓ.ም. ኩባዎች በሶማሊያ ጦርነት ከጎናችን ተሰልፈው፣ ከዚያ በኋላ በሺዎች የሚቆጠሩ ኢትዮጵያውያን ልጆች የወጣቶች ደሴት ወደምትባለው የኩባ ደሴት ተልከው ተምረዋል። ስፓኒሽን እንደ አፍ መፍቻ የሚያውቁ፣ የላቲን አሜሪካን ታሪክ በራሱ ቋንቋ የተማሩ። እንዲህ ዓይነት ሀብት ያለው የአፍሪካ አገር ብዙ አይደለም። በአሥራዎቹ ዕድሜ የሄዱት ልጆች ዛሬ ስልሳን እየነኩ ነው፤ ያለፉትም አልፈዋል። ሐኪም ሆኑ፣ መሐንዲስ ሆኑ፣ ጡረታ ወጡ። አንድ ምዕራፍ ተርጉሙልን ብሎ የጠየቃቸው ስንቱን ነው?

እኛ አንዱን ጠየቅን። እዚሁ አካባቢ ናቸው፤ ሰፈሩ ሁሉ "ኩባው" ይላቸዋል።

"ጋሼ፣ ስፓኒሹ አለ ወይስ ጠፋ?"

"እናንተ ልጆች፣ እኔ ብር ስቆጥር እስከ ዛሬ በስፓኒሽ ነው።"

ቤት ገብተው አንድ መጽሐፍ አመጡ። ጀርባው በፕላስተር የተለጠፈ፣ ከደሴቲቱ በሻንጣ ይዘውት የመጡት፤ ኩባዎች ከስፔን ነፃ ለመውጣት ያደረጉትን ጦርነት የሚተርክ፣ ከባርነት የወጡ ጥቁሮች ጄኔራል የሆኑበት። እኛ ፊት አንድ ገጽ በቃላቸው ወደ አማርኛ መለሱልን፣ ሳይደናቀፉ። "ለምን አይጽፉትም?" ስንላቸው "ማን ያሳትመዋል? ማንስ ይገዛዋል?" አሉን። ከዚያ መነጽራቸውን አወለቁና ይህኛው ዓይኔ እየደከመ ነው አሉ።

ተስማማን። እሳቸው በደብተር ይጽፋሉ፣ እኛ እንተይባለን። የመጀመሪያው ምዕራፍ አልቋል፤ ሁለተኛው ላይ ናቸው። አሳታሚ የምታውቁ ንገሩን። ወላጆቻችሁ፣ አጎቶቻችሁ፣ አክስቶቻችሁ ኩባ የተማሩ ካላችሁ ደግሞ የመጽሐፍ ሣጥናቸውን ክፈቱላቸው።