«እናቷ አረቄ አውጪ መሆናቸውን ደበቀችኝ!»

 

የዛሬው ደብዳቤ ረዘም ያለ ስለሆነ ሙሉውን ላወጣው ቦታ አይበቃኝም። ጸሐፊው የ27 ዓመት ወጣት ነው። ሥራውንም ሰፈሩንም አልናገርም። ሁለት ዓመት አብራው የቆየች እጮኛ አለችው። ስለ ቤተሰቧ ሲጠይቃት «እናቴ ደብረ ብርሃን ነው ያለችው፣ ትነግዳለች» ትለው ነበር። ሰሞኑን ግን ከአክስቷ ልጅ አፍ እናትየው አረቄ አውጪ መሆናቸውን ሰማ። «እኔን ያናደደኝ አረቄው አይደለም፣ ውሸቱ ነው» ይላል። ሁለት መስመር ወረድ ብሎ ደግሞ «ለቤተሰቦቼ ምን ብዬ ልንገራቸው?» ይላል። ወንድሜ፣ እንግዲህ የቱን ልመንህ?

ደብዳቤውን ሳነብ አንድ ቀን ትዝ አለኝና መልሴን ከዚያ ልጀምር።

ጊዜው ጥር 2012 ዓ.ም. ነው፤ ኮሮና ገና አገራችን አልገባም። አንዲት የሃይስኩል ጓደኛ ነበረችኝ። አዲስ አበባ አክስቷ ቤት ነው ያደገችው። እኔ አስራ ሁለተኛን ጨርሼ እዚያው ላይ ስቆም እሷ ዩኒቨርሲቲ ገብታ ተመረቀች። (አልቀናሁም፣ ትንሽ ብቻ!) እጮኛዋ ፋርማሲስት ነው። ቁም ነገረኛ፣ ዝምተኛ ልጅ ነው፤ አንድ ቢራ እንኳ አይቀምስም። ያለ ምክንያት አልነበረም። አባቱ በአረቄ ነው ያለቁት። ጉበታቸው ነበር። ልጁ ገና በአስራ ሦስት፣ በአስራ አራት ዓመቱ ማታ ማታ አረቄ ቤት ደጅ ቆሞ አባቱን ደግፎ ወደ ቤት ይወስድ ነበር። ይህን ሁሉ የነገራት በተዋወቁ በሁለተኛው ወር ነው። እስቲ በሷ ቦታ ሁኑና የዚያን ቀን ምን ትበል? «የኔም እናት አረቄ አውጪ ናት» ትበል? ዝም አለች። ዝምታው ዓመት ተኩል ፈጀ።

ሽማግሌ የሚላክበት ጊዜ ሲደርስ ግን ዝምታ አያዋጣም። ሽማግሌ የሚላከው ወደ ሽንዲ ነዋ! እንደምንም ነገረችው። አራት ቀን ስልኳን አላነሳም። በአምስተኛው ቀን ደወለና «ልየው» አለ።

«ምኑን?»

«ሲወጣ ልየው።»

እሷም ብቻዬን አልችልም ብላ እኔን ጎትታ ይዛኝ ሄደች።

ከአዲስ አበባ ተነስተን የዓባይን በረሃ ወርደን ወጥተን፣ ደብረ ማርቆስ ምሳ በልተን፣ ማታ ፍኖተ ሰላም ገባን። ስሟ የሰላም መንገድ ማለት ነው፤ እነሱ ግን ቀኑን ሙሉ ሁለት ቃል አልተነጋገሩም። በነጋታው በጠዋት በቡሬ አድርገን ወደ ሽንዲ ተሳፈርን። ሽንዲ የወምበርማ ወረዳ ከተማ ናት፤ ከቡሬ ወደ ምዕራብ ትገባላችሁ። ጥር ስለነበር በየግቢው የተሰጣው በርበሬ መሬቱን ቀይ አድርጎታል። አቧራውንስ ተዉት።

ልጁ አፉን የፈታው ሚኒባሱ ውስጥ ነው። ሜክሲኮ ውስጥ፣ ጃሊስኮ በሚባል ግዛት፣ ተኪላ የምትባል ከተማ እንዳለች ነገረን። መጠጡ ስሙን ያገኘው ከሷ ነው። ቱሪስት ብር ከፍሎ፣ አስጎብኚ ይዞ፣ አጋቬ የሚሉት እሾሃም ተክል ሲቆረጥ ያያል። የእኛ ቃጫ ዘመድ ነው። ቅጠሉን ይመለምሉና ልቡን በምድጃ ያበስሉታል፤ ይጨምቁታል፣ ያብላሉታል፣ ከዚያ በእሳት ሁለት ጊዜ ያወጡታል። የተክሉን ማሳና የድሮ ፋብሪካዎቹን ዩኔስኮ በ2006 እ.ኤ.አ. የዓለም ቅርስ ብሎ መዝግቦላቸዋል።

«የኛንስ ማን ያስጎበኘናል?» አለ።

«እኔ» አለች።

እኔ ሳቅሁ። እሱ አልሳቀም።

ግቢው ንጹህ ነው። እናትየው ነጠላቸውን አስተካክለው «ግቡ ልጆቼ፣ ግቡ» እያሉ ተቀበሉን። ዓይናቸው ቀይ ነው። መጀመሪያ ያለቀሱ መስሎኝ ነበር፤ ለካ የጭስ ነው። እንጀራ ቀረበ፣ እርጎ ቀረበ፣ ቡና ተፈላ። ልጁ እጮኛ መሆኑን ያውቃሉ። የአባቱን ነገር ግን አያውቁም።

ከቡና በኋላ ጓደኛዬ ተነሳችና እንደ አስተማሪ እንጨት ይዛ ጀመረች። ጌሾው ደርቆ ይወቀጣል። ብቅሉ ይፈጫል፤ ብቅል ማለት እህሉ በውሃ ርሶ፣ አቆጥቁጦ፣ ከዚያ የደረቀ ነው። ሁለቱ በውሃ ተደባልቀው ጥቂት ቀን ከርመው ጥንስስ ይሆናሉ። ከዚያ የዳጉሳ ወይም የበቆሎ ዱቄት ቂጣ ተጋግሮ ይፈረፈርና ጥንስሱ ላይ ይጨመራል። ይህ ድፍድፍ ነው። ጋኑ ታፍኖ ይቀመጣል። ስንት ቀን? እንደ አየሩ ነው። ብርድ ሲሆን ይዘገያል፣ ሙቀት ሲሆን ይፈጥናል። እናትየው ሰዓትም ካላንደርም አያዩም። ጆሯቸውን ጋኑ ላይ ይለጥፋሉ። «ሲያጉተመትም ገና ነው፤ ዝም ሲል ደርሷል» አሉን። እኔም ለጥፌ ሰማሁት። እውነትም ያጉተመትማል!

የደረሰው ድፍድፍ እሳት ላይ ወደ ተጣደው ማሰሮ ይገለበጣል። አፉ ይከደንና ዙሪያው በጭቃና በእበት ይመረጋል። ከክዳኑ ሸምበቆ ይወጣል፤ የሸምበቆው ሌላ ጫፍ ገንዳ ውስጥ ቀዝቃዛ ውሃ ላይ የተቀመጠ እቃ ውስጥ ይገባል። እንፋሎቱ በሸምበቆው ሄዶ እዚያ ሲቀዘቅዝ ጠብ… ጠብ… ይላል። በቃ፣ አረቄ ማለት ይኸው ነው።

ልጁ ይህን ጊዜ ቁጢጥ ብሎ ተቀመጠ። «ይሄ እኮ ኮንደንሰር ነው!» አለ። ከተቀመጥንበት ሁሉ ሰዓት ፊቱ የተፈታው ያኔ ነው። ላቦራቶሪ ውስጥ በመስታወት ቱቦ የሠራው ነገር እዚህ በሸምበቆና በገንዳ ተሠርቶ አየ። ለእኔም አስረዳኝ፤ አልኮል በ78 ዲግሪ ገደማ ይፈላል፣ ውሃ ደግሞ በ100፤ ስለዚህ አልኮሉ ቀድሞ ይተናል። እሳቱ ከበዛ ውሃውም አብሮ እየመጣ አረቄው ይቀጥናል፤ ሊያርም ይችላል። ለዚህ ነው እናትየው ከእሳቱ ዓይናቸውን የማያነሱት። አንዱን ግንድ ይስቡታል፣ ሌላውን ይገፉታል። የገንዳው ውሃ ሲሞቅ ይቀየራል። ልጁ ሳይጠየቅ ባልዲውን አንስቶ ውሃ መቀየር ጀመረ። ሦስት ጊዜ ሲቀይር ቆጥሬያለሁ።

አንድ ጊዜ የወጣው ተራ ይባላል። ተራው እንደገና ተጥዶ ሲወጣ ዳግም ይሆናል። ዳግም የሚሉት ከመቶ 45 እጅ ገደማ አልኮል ነው፤ ከውጭ ከሚመጡት ውስኪዎች አያንስም ማለት ነው። የቀረው አተላ ለከብት ይሰጣል። የናትየው በሬ እንዴት ሰብቶ ነበር መሰላችሁ!

እሱ «መጀመሪያ የሚወርደውን ምን ያደርጉታል?» ብሎ ጠየቃቸው። «እሱማ ጠንካራው ነው፣ ሰው ይሻማበታል» አሉ። አይሆንም አለ። ቶሎ የሚተኑት መጥፎ ነገሮች የሚበዙት መጀመሪያ በሚወርደው ላይ ስለሆነ በፋብሪካ ያ ክፍል ተለይቶ ይወጣል። ሜታኖል የሚባለው ዓይን የሚያጠፋው መርዝም በትንሹ እዚያ ይኖራል። በነገራችን ላይ፣ ከእህል የወጣ አረቄ ላይ ሜታኖሉ ጥቂት ነው። በየአገሩ ሰው በጅምላ የሚፈጀው ብዙ ጊዜ የፋብሪካ ሜታኖል መጠጥ ውስጥ ሲቀላቀል ነው። እናትየው ፀጥ ብለው አዳመጡና «ስንት ሲኒ ልድፋ?» አሉ። እሱም የማሰሮውን መጠን አይቶ ነገራቸው።

ነገሩ እዚህ ላይ ቢያበቃ ደስ ባለኝ። ከሰዓት በኋላ ገዢዎች መምጣት ጀመሩ። አንዱ ጄሪካን ይዞ፣ አንዷ ጠርሙስ ይዛ። አንድ ሽማግሌ ግን ምንም አልያዙም። በር ላይ ቆመው እጃቸው እየተንቀጠቀጠ መለኪያ ተቀብለው በአንድ ትንፋሽ ጨለጡ። ልጁ ባልዲውን አስቀመጠ። ሽማግሌው እስኪሄዱ ቆየና፣ ሳናስበው፣ «አባቴ በዚህ ነው የሞተው» አለ።

ጓደኛዬ ፊቷን በነጠላ ሸፈነች። ጠብ… ጠብ… የሚለው ብቻ ይሰማል።

እናትየው ቸኩለው አልመለሱም። በኋላ እንዲህ አሉ፦ «እኔ አልዋሽህም ልጄ። ለሰካራም አልሸጥም ብልህ ውሸት ነው። ባሌ ሲሞት ሦስት ልጅ ነው የተወልኝ፣ መሬት የለኝም። የማውቀው ይህን ነው። ይቺን አስተምሬበታለሁ። ያንተን አባት የሸጠላቸውም እንደኔው ልጅ የምታሳድግ ትሆናለች። ተቀየማት፣ እኔንም ተቀየመኝ። ልጄን ግን በኔ ሥራ አትቀየማት።»

እሱ ምንም አላለም። ተነስቶ የገንዳውን ውሃ ቀየረ።

ማታ ስንመለስ እናትየው ለኔ በጠርሙስ ሰጡኝ፣ ለሱ ግን ማር ሰጡት። መንገድ ላይ ሁለቱ አልተነጋገሩም፤ ቡሬ ስንደርስ ግን ጭንቅላቷን ትከሻው ላይ አድርጋ ተኝታ ነበር። በዚያው ወር ሽማግሌ አልተላከም። በማግስቱ ወርም አልተላከም። ጊዜ ወሰደበት፤ እሷም አላጣደፈችውም። የተጋቡት በ2013 ዓ.ም. ነው። ሠርጉ ላይ አረቄ አልቀረበም፤ ጠላ ነበር። እናትየው ከሽንዲ መጥተው የክብር ቦታ ተቀመጡ። ከ2015 ዓ.ም. በኋላ በክልሉ በተነሳው ጦርነት እንደ ድሮው መመላለስ ቀረ፤ ኔትወርክ ሲገኝ ይደዋወላሉ። አሁንም ያወጣሉ። ከእያንዳንዱ ማሰሮ መጀመሪያ የሚወርደውን ይደፋሉ አሉ፤ ደንበኞቹ እያጉረመረሙ! «የአማቼ ትዕዛዝ ነው» ይሏቸዋል።

አሁን ወደ አንተ ልመለስ ወንድሜ። አረቄ ጥሩ ነው እያልኩህ አይደለም። ጠጪውን የሚያደርገውን በየሰፈራችን እናያለን። የሚያወጡትንም ሴቶች ጭሱ ዓይንና ሳንባቸውን ይጨርሳል፤ አርሲ ነጌሌን በመሳሰሉ አረቄ በብዛት በሚወጣባቸው ከተሞች ደግሞ የሚነደው እንጨት ብዙ ነው። ቤተሰቦችህ ቢያኮርፉ አይገርመኝም። ግን አስተውል፣ ያው አረቄ ፋብሪካ ገብቶ፣ ጠርሙስ ላይ ወረቀት ተለጥፎበት ሲመጣ አጎትህ ለእንግዳ ያቀርበዋል። የሚሸማቀቅበት የለም። የሚታፈርባት ጭሱ ላይ የተቀመጠችዋ ሴት ብቻ ናት። ይሄ እኔን ያናድደኛል፣ ይቅርታ።

ስለ ውሸቱ ተናደድኩ ያልከውን አልንቀውም። ሁለት ዓመት ብዙ ነው፤ አጥፍታለች። ነገር ግን «ለምን ዋሸሽኝ?» ከማለትህ በፊት «ምን ብለሽ ፈርተሽኝ ነው?» ብለህ ጠይቃት። ምናልባት አንድ ቀን በጨዋታ መሃል ስለ አረቄ ቤት፣ ስለ አረቄ ሻጭ የተናገርከው ነገር ይኖራል። አንተ ረስተኸዋል፤ እሷ አልረሳችውም። አስታውስ እስቲ።

ከዚያ ደብረ ብርሃን ከአዲስ አበባ 130 ኪሎ ሜትር ነው። መንገዱን ጠይቀህ፣ ደህና ከሆነ፣ ቅዳሜ በጠዋት አብራችሁ ሂዱ። አስጎብኚዋ እሷ ትሁን። ባዶ እጅህን አትግባ፤ ቡናና ስኳር ያዝ። ነጭ ጫማህን አታድርግ። መለኪያ ቢቀርብልህና ባትፈልግ «አልጠጣም እማማ» በል፤ አይቀየሙህም። የገንዳው ውሃ ሲሞቅ ዝም ብለህ አትቁም፣ ባልዲ አንሳ።

የሆነውን ጻፍልኝ። ስሟን ግን እንዳትጽፍ!