ሻንጣችሁን ያዙ የተባሉት ልጆች

እግር ኳስ ስላችሁ አርሰናልና ማንቸስተር አይምጣባችሁ። የማወራው አሜሪካኖች ፉትቦል ስለሚሉት፣ እንቁላል መሳይዋን ኳስ በእጅ ይዘው እየተገፋፉ ስለሚሮጡበት ጨዋታ ነው። አውሮራ፣ ኮሎራዶ መኖር ስጀምር ለእኔም ትርጉም አልነበረውም። ያስለመደኝ የጎረቤቴ ልጅ ነው። ወላጆቹ የእኛው አገር ሰዎች ናቸው፣ እሱ እዚሁ ተወልዶ ያደገ። እ.ኤ.አ. በ2022 ቦልደር ከተማ ያለው የኮሎራዶ ዩኒቨርሲቲ ገባና «ጋሼ፣ ቡድናችንን ሳያዩ እንዳይቀሩ» አለኝ። በዚያው ተያዝኩ።

ዓመቱን ግን አልመረጠም። የመጀመሪያዎቹን አምስት ጨዋታዎች በተከታታይ ተሸነፉ። በሚኒሶታ 49 ለ 7 ሲረቱ ቡና ይዤ እያየሁ ነበር፣ ቡናው ሳያልቅ ጨዋታው አልቋል። አሰልጣኙ ካርል ዶረል ተባረረ። ከዚያ በኦክቶበር አጋማሽ ካሊፎርኒያን በጭማሪ ሰዓት 20 ለ 13 አሸነፉ፤ ተማሪው አጥር ዘሎ ሜዳውን አጥለቀለቀው። ልጁ እዚያ መሃል ሆኖ ቪዲዮ ላከልኝ። ዋንጫ የበሉ ነበር የሚመስለው። ያቺ አንዲት ድል ብቻ ሆና ቀረች፤ ዓመቱ በ1 አሸናፊነትና በ11 ሽንፈት ተዘጋ። የመጨረሻው 63 ለ 21 ነበር፣ በዩታ።

እስከዚህ ያለው ስፖርት ነው። አንዱ ካላሸነፈ ሌላው አይሸነፍም። የሚያንገበግበኝ ከዚያ በኋላ የመጣው ነው።

በዲሴምበር ዲዮን ሳንደርስ አዲሱ አሰልጣኝ ሆኖ መጣ። በተጫዋችነቱ ዘመን ስሙ የገነነ፣ ካሜራ የሚወደው፣ እሱም ካሜራ የሚወድ ሰው ነው። ከተጫዋቾቹ ጋር በተገናኘበት የመጀመሪያ ስብሰባ ላይ የራሱን ሻንጣ ይዞ እንደሚመጣ፣ ሻንጣውም ሉዊ ቪቶን እንደሆነ ነገራቸው። በሌላ አነጋገር፣ የእኔን ልጆች አመጣለሁ፣ እናንተ የዝውውር ፖርታሉ ክፍት ነው፣ ግቡ። በወራት ውስጥ ከ50 በላይ ተጫዋቾች ቡድኑን ለቀቁ።

አሰልጣኝ ቡድን መቀየር መብቱ ነው፣ በዚህ አልከራከርም። 1 ለ 11 የሆነ ቡድን ሳይነካ ይቆይ የሚልም የለም። ፖርታሉም ቢሆን ለተጫዋቹ የመጣ ነጻነት ነው። ድሮ አሰልጣኝ በፈለገ ቀን የተሻለ ደሞዝ ወዳለበት ሲሄድ፣ ትምህርት ቤት የቀየረ ተጫዋች ግን አንድ ዓመት ሙሉ ሳይጫወት ይቀመጥ ነበር። ከ2021 ጀምሮ ያ ቀርቷል።

ግን ያ ስብሰባ ተቀርጾ ዩቲዩብ ላይ ተለቀቀ። የ19 እና የ20 ዓመት ልጆች ወንበር ላይ ተደርድረው አትፈለጉም ሲባሉ፣ ፊታቸው ላይ ያለውን ሁላችንም በስልካችን አየነው። ላይክ አደረግን፣ ሼር አደረግን። እኔም ለጓደኞቼ ልኬዋለሁ፣ ከሳቅ ምልክት ጋር። የወደቀ ግንድ ምሳር ይበዛበታል የምንለው ይኸው ነው፤ የዛሬው ምሳር ካሜራ ያለው መሆኑ ብቻ ይለያል። የጎረቤቴ ልጅ ግን አልሳቀም። አንዱ ከእሱ ጋር አንድ ክፍል ይማር ነበር። «ጋሼ፣ እሱ እኮ ሰኞ ፈተና ነበረበት» አለኝ። ሌላ ምንም አላለም።

የሚገርማችሁ፣ ቡድኑ በአንድ ሌሊት አልተለወጠም። በ2023 ሦስት በተከታታይ አሸንፈው አገር ምድሩን አስጨፈሩና ከቀሩት ዘጠኝ ስምንቱን ተሸነፉ። ስታንፎርድን በዕረፍት ሰዓት 29 ለ 0 እየመሩ ወጥተው በጭማሪ ሰዓት 46 ለ 43 የተረቱት ያን ዓመት ነው። (ያን ሌሊት ተኛሁ ብል ውሸት ነው።) በ2024 እውነትም ጥሩ ሆኑ፤ 9 ለ 4፣ ትራቪስ ሀንተርም የሄይዝማንን ሽልማት ወሰደ። አጨበጨብኩ፣ አሁንም አጨበጭባለሁ። ግን ሀንተርና የአሰልጣኙ ልጅ ሸዱር ወደ ፕሮፌሽናሉ ሊግ ሄዱ፤ በ2025 ቡድኑ 3 አሸንፎ 9 ተሸነፈ። ዩታ ደግሞ 53 ለ 7 ቀጣችው።

ታዲያ በ2025 ማን ሻንጣህን ያዝ ተባለ? አሰልጣኙ ውድድሩ ሳይጀመር በማርች ወር የአምስት ዓመት፣ የ54 ሚሊዮን ዶላር ውል ፈርሟል። በዚያው ዓመት ካንሰር ታሞ ፊኛው ወጥቶለት ነው ወደ ሜዳ የተመለሰው፤ ብርታቱን አደንቃለሁ፣ ይባረር የሚለውን ወሬም አልደግፍም። ጊዜ ይገባዋል። እኔ የምለው፣ ያ ጊዜ የ2022ቶቹም ይገባቸው ነበር ነው። ጊዜው ባይኖር እንኳ በሩ ተዘግቶ፣ አንድ በአንድ ተጠርተው፣ ያለ ካሜራ ሊነገራቸው ይችል ነበር። ይህ ምንም ወጪ የለውም። አንድም ጨዋታ አያሸንፍም፣ አንድም አያሸንፍበትም።

አሁን ተጫዋቾቹ ይከፈላቸዋል፣ ስለዚህ ይቻሉት የሚለኝ አለ። እሺ። ለሚከፈለው ይሁን። በ2022 ከዚያ ክፍል የወጡት አብዛኞቹ ግን የያዙት የትምህርት ዕድላቸውን ነው እንጂ ሚሊዮን አልነበረም።

የጎረቤቴ ልጅ በአራት ዓመት ውስጥ 17 ድልና 32 ሽንፈት ቆጥሯል። ባለፈው ኖቬምበር ለመጨረሻው የሜዳቸው ጨዋታ ሄዶ ነበር፤ አሪዞና ስቴት 42 ለ 17 አሸነፈ። ሰው በጊዜ ወጥቶ ወንበሩ ባዶ የሆነበትን ስታዲየም አንስቶ ላከልኝ። «ለምን አልወጣህም?» ብዬ ጻፍኩለት።

«ገና እየተጫወቱ ነው፣ ጋሼ።»