ሥራው የማን ነው?

ማዕርጉም ዕውቀቱም የማይናቅ አንድ ወዳጄ በቀደም ዕለት «ስሟን ማንም ስለማያውቃት የሲኒማ ተጫዋች ምን ይጻፋል?» አለኝ። ነገሩ የተነሣው ስለ ባርባራ ኦ ጆንስ ነበር። በጊዜው ዝም አልሁት፤ አሁን ግን እመልስለታለሁ። (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጆች አቈጣጠር እጽፋለሁ።)

ባርባራ ኦ በ2024 በ82 ዓመቷ በኦሃዮ ያረፈች ጥቁር አሜሪካዊት ናት። የጎንደሩ ተወላጅ ኃይሌ ገሪማ በሎስ አንጀለስ የሲኒማ ተማሪ ሳለ በ1972 «ቻይልድ ኦቭ ሬዚስታንስ» በተባለው አጭር ፊልም ውስጥ አጫወታት። ኋላም ለመመረቂያው በ1975 የፈጸመውን፥ በ1979 ለሕዝብ የታየውን «ቡሽ ማማ»ን በርሷ ትከሻ ላይ ጣለው። እኛም ይህን ፊልም «የኃይሌ ሥራ» ብለን እንኰራበታለን። ኵራቱ መልካም ነው፤ ነገር ግን ካሜራው ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው የሚከተለው የማንን ፊት ነው?

በዎትስ ሰፈር የምትኖር ዶሮቲ የምትባል ድኻ ሴት ናት። ባሏ ባልሠራው ወንጀል ታስሯል፤ እርሷ ነፍሰ ጡር ሆና የመንግሥት ርዳታ ደጅ ስትጠና ፅንሱን አስወጪ እያሉ ያስጨንቋታል፤ ሴት ልጇን ፖሊስ ይደፍርባታል፤ እርሱንም ትገድለዋለች። ግድያውን አላመሰግንም፤ ነገር ግን ወደዚያ ያደረሳትን መንገድ ተጫዋቿ ከአንደበቷ ይልቅ በዝምታዋ ተርካዋለች። በመጨረሻ ሰው ሠራሹን ጠጕር ከራሷ ላይ ታወልቃለች። ቅኔ ቤት ያደገ ሰው ለዚህ አስተርጓሚ አያሻውም፤ ሰሙ ጠጕር ነው፥ ወርቁ ባርነት።

ሌላው ደግሞ «ሌላን ሰው መስሎ መናገር ሐሰት ነው» ይላል። እንግዲያስ በሟች አንደበት የሚቀኘውን ባለቅኔ ማን ሐሰተኛ አለው? በ1977 ጁሊ ዳሽ በሠራችው አጭር ፊልም ባርባራ በስእለቷና በወገኖቿ ከበሮ መካከል የምትጨነቅ አፍሪካዊት መነኵሲት ሆና ተጫውታለች። ይህ ለእኛ ለካህናቱ የሚቈረቍር ነገር ነው፤ ስለዚህም እዩት እላለሁ።

በ1991 በ«ዶተርስ ኦቭ ዘ ደስት» ወደ ደሴቷ የተመለሰችውን፥ ዘመዶቿ የሚጸየፏትን የሎ ሜሪን ሆነች። ጥቁር አሜሪካዊት ሴት ሠርታው በዚያ አገር ሲኒማ ቤቶች በሰፊው የታየ የመጀመሪያው ረጅም ፊልም ይህ ነው። የኮንግሬስ ቤተ መጻሕፍት ይህን በ2004፥ «ቡሽ ማማ»ን በ2022 ሊጠበቁ ከሚገባቸው ፊልሞች መዝገብ አገባቸው።

እንግዲህ ስሟ ያልገነነው ችሎታዋ አንሶ አይደለም፤ ፊልሞቿ ከሆሊውድ ነጋዴዎች ገበያ ውጭ ስለ ተሠሩ ነው። ወዳጄ ግን የገበያውን ጩኸት እንደ ሚዛን ይዞታል። «ማንም አያውቃትም» ሲልም ማንም ያለው ራሱን ነው።

«ቡሽ ማማ»ን በአዳራሽ የምታሳዩ የከተማ ወንድሞቼ ሆይ፥ በማስታወቂያው ላይ ከኃይሌ ስም አጠገብ የርሷንም ስም በእኩል ፊደል ጻፉ።