ክሱ የሚጀመርበት ቀን አለው፤ የሚያልቅበትስ?

ስለ ጡረታ መጻፋችን የሚያስቃቸው ጓደኞች እንዳሉን እናውቃለን። ጢሙን ገና መላጨት የጀመረ ተማሪ ስለ ሽማግሌ ቀለብ ምን ቸገረው ይሉናል። ነገር ግን ብዙዎቻችን ከዚህ ግቢ ወጥተን የምንገባው ከመንግሥት መሥሪያ ቤት ነው፤ አንዳንዶቻችንም ከሳሽና መርማሪ ሆነን እንቀመጣለን። ስለዚህ ነገሩን ወንበሩ ሳያሞቀን ብናየው ይሻላል።

ለክርክራችን የመረጥነው የሕንድን ሕግ ነው። ከእኛ በፊት የነበሩትን ተማሪዎች በየሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱ ሒሳብና ሳይንስ ካስተማሯቸው መምህራን ብዙዎቹ ከዚያ አገር የመጡ ነበሩና፥ የባዕድ ጉዳይ ነው ብሎ ገጹን የሚገለብጥ አንባቢ አይኖርም ብለን እናምናለን። ዓመቶቹን የምንጠቅሰው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

የሕንድ ማዕከላዊ መንግሥት ሠራተኞች የጡረታ ደንብ በ1972 ወጣ፤ በ2021 በአዲስ ተተካ፤ በያዝነው ጉዳይ ላይ ግን ዋናው ነገር አልተለወጠም። ጡረተኛው በአገልግሎቱ ዘመን ከባድ ጥፋት ወይም ከባድ ቸልተኝነት መፈጸሙ ከተረጋገጠ፥ የአገሪቱ ፕሬዚዳንት አበሉን በሙሉ ወይም በከፊል፥ ለተወሰነ ጊዜ ወይም ለዘለቄታው ሊያስቀሩበት ይችላሉ። የመሥሪያ ቤቱ ክስ ከጡረታ በኋላ የሚጀመር ሲሆን ግን ሁለት አጥር አለው። አንደኛ የፕሬዚዳንት ፈቃድ ያስፈልጋል። ሁለተኛ ድርጊቱ ክሱ ከመጀመሩ በፊት ከአራት ዓመት የበለጠው ከሆነ አይነሣም። የሕግ ተማሪዎች ይርጋ የሚሉት ይህንኑ ነው።

«ታዲያ ሌባ አራት ዓመት ከተደበቀ ነጻ ይውጣ?» የሚለን አይጠፋም። አይወጣም። ይህ ይርጋ የሚያግደው መሥሪያ ቤቱ ራሱ ከሳሽ፥ ራሱም መርማሪ የሚሆንበትን ምርመራ ነው እንጂ የወንጀል ፍርድ ቤትን በር አይዘጋም። ጡረተኛው ደግሞ ቁልፉን አስረክቦ የወጣ ሰው ነው። ከአሥር ዓመት በፊት ስለ ፈረመው ደረሰኝ ሲጠየቅ፥ ደረሰኙም ደብዳቤውም ያለው በከሳሹ መዝገብ ቤት ነው፤ አብሮት የፈረመውም ወይ ተዛውሯል ወይ ሞቷል። በምን ይከላከል?

እስከዚህ ድረስ ደንቡን እናመሰግናለን። ጉድለቱ ከዚህ ይጀምራል። እስቲ አንድ የዕቃ ግምጃ ቤት ጸሐፊ በሐሳባችን እናቁም። በ2010 መጀመሪያ የጎደለ ዕቃ ሙሉ ነው ብሎ ፈረመ እንበል። ስድሳ ዓመት ሞልቶት ኤፕሪል 30 ቀን 2015 ጡረታ ይወጣል። የክሱ ወረቀት ሜይ 1 ቀን ቢወጣበት፥ ድርጊቱ ከአራት ዓመት በላይ ሆኖታልና ይርጋው ያድነዋል። ኤፕሪል 30 ከሰዓት በኋላ፥ የስንብቱን ሻይ እየጠጣ ሳለ ቢሰጠው ግን በሥራ ላይ ሳለ እንደ ተከሰሰ ይቆጠራል፤ አራቱ ዓመት አይመለከተውም፤ ምርመራውም ከጡረታ በኋላ ይቀጥላል። ያው ሰው፥ ያው ፊርማ፥ የአንድ ሌሊት ልዩነት! አምስት ዓመት ሙሉ የተኛ አለቃ በመጨረሻው ቀን ቢነቃ የሚጠይቀው የለም።

ከዚያ በኋላ ጡረተኛው ይጠብቃል። ጊዜያዊ አበል እንደሚከፈለው አንክድም። በአንድ ጊዜ የሚሰጠው ዳረጎት ግን የመጨረሻው ትእዛዝ እስኪወጣ ይያዛል፤ ሰው ልጁን የሚድርበት፥ የቤት ዕዳውን የሚዘጋበት ገንዘብ ደግሞ ይኸው ነው። በ2017 ለመርማሪው ስድስት ወር ተወስኖለታል፤ ዳሩ ግን በምክንያት ስድስት ወር ሊጨመርለት ይችላል፤ ደግሞም ሌላ ስድስት ወር።

የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ነገሩን አላየውም አንልም። ዲሴምበር 17 ቀን 1982 በሰጠው ፍርድ፥ ጡረታ መንግሥት ደስ ሲለው የሚሰጠው ችሮታ ሳይሆን ሠራተኛው የደከመበት መብት ነው ብሏል፤ የአገሩ ጡረተኞች ዛሬም ያን ቀን ያከብሩታል። በ2013 ደግሞ ጡረታና ዳረጎት የሰው ንብረት ስለ ሆኑ ያለ ሕግ በአስተዳደር መመሪያ ብቻ ሊያዙ አይችሉም አለ። በ2015 ምርመራው ከዘጠኝ ዓመት በላይ የፈጀበት ሠራተኛ ቀርቦለት፥ እንዲህ ያለ ጉዳይ ቢቻል በስድስት ወር፥ ቢበዛ በአንድ ዓመት ይለቅ ሲል አዘዘ። መልካም ቃል ነው፤ ነገር ግን ዓመቱ ባለፈ ጊዜ ክሱ በራሱ አይወድቅም፤ ዳረጎቱም በራሱ አይለቀቅም።

እኛ የምንለው ከጡረታው ቀን ጀምሮ በአንድ ዓመት ውስጥ ውሳኔ ካልተሰጠ ዳረጎቱ ከነወለዱ ይለቀቅ ነው። መሥሪያ ቤቱ ጠፋብኝ የሚለው ገንዘብ ካለ እንደ ማንኛውም ባለገንዘብ ፍርድ ቤት ሄዶ ይክሰስ። ያዘገየውም ሹም ስለ ምን እንዳዘገየ በጽሑፍ መልስ ይስጥ፤ ጡረተኛው ስለ አሮጌው ደረሰኝ በጽሑፍ መልስ ስጥ እንደሚባለው ሁሉ።