«ማውረድ» ሌላ፣ «መግባት» ሌላ

ዛሬ «የኔ ሐሳብ» በሚለው አምዳችን የምጽፈው በእረፍት ሰዓት ከላይብረሪው ጀርባ ስለምንጫወተው ካርድ ነው። ካርታ አላልኩም፣ ካርድ ነው ያልኩት። መምህራኖቻችን እንዳትደነግጡ፣ ገንዘብ የሚያዝበት ነገር አይደለም።

የጨዋታው ስም ማጂክ ዘ ጋዘሪንግ ነው። ሪቻርድ ጋርፊልድ የሚባል አሜሪካዊ የሒሳብ ሰው ፈጥሮት እ.ኤ.አ. በ1993 ለገበያ ወጣ። ወደ እኛ ግቢ የገባው ግን ክረምት ላይ ከአሜሪካ የመጣ የአንድ ተማሪ የአክስት ልጅ ሁለት ክምር ካርድ ትቶለት ስለሄደ ነው። ሁለት ክምር ደግሞ ለማን ይደርሳል? ስለዚህ የደብተር ልባድ እየተቆረጠ፣ በእስክሪብቶ እየተጻፈ፣ ወደ አማርኛ መገልበጥ ተጀመረ። አሁን በልባድ የተሠራው ከእውነተኛው ካርድ በዝቷል። ጠቡም የመጣው ከልባዱ ነው።

ባለፈው ወር አንዲት የ5ኛ ክፍል ተማሪና አንድ የ8ኛ ክፍል ተማሪ በአንዲት ድመት ተጣሉ። ድመቷ ካርድ ላይ ያለች ናት። ነገሩ እስከ ቢሮ ደረሰ። ከዚያ ወዲህ አንዳንዱ «ጨዋታው ይከልከል» ይላል፣ አንዳንዱ «የካርዱ ባለቤት ያለው ይሁን» ይላል፣ ሌላው ደግሞ «እጅ ይውጣና ብዙው ያሸንፍ» ይላል። እኔ በሦስቱም አልስማማም። ለምን እንደማልስማማ ለመናገር ግን መጀመሪያ ለማይጫወቱት ትንሽ ማስረዳት አለብኝ። የምትጫወቱ ልጆች ታገሱኝ።

በዚህ ጨዋታ መሬት የሚባል ካርድ አለ። ዋና ዋናዎቹ አምስት ናቸው፦ ሜዳ፣ ደሴት፣ ረግረግ፣ ተራራ እና ጫካ። መሬት ማና ይሰጣል፤ ማና ደግሞ ሌላውን ካርድ ለመጠቀም የሚከፈል ነው። መሬት ከሌለህ እጅህ ላይ ያለው አንበሳም ዘንዶም ወረቀት ነው። ለዚህ ነው ሕጉ መሬት ላይ ጠበቅ ያለው፦ በራስህ ተራ አንድ መሬት ብቻ ታወርዳለህ። ይሄንን ትናንት የጀመረ ልጅም ያውቀዋል። ተጋጣሚው ሊያጭበረብር የመሰለው ሁሉ መጀመሪያ የሚጮኸው «አንድ ተራ፣ አንድ መሬት!» ብሎ ነው።

ሁለተኛው ነገር ደወል ነው። አንዳንድ ካርድ ዝም ብሎ ተቀምጦ አንድ ነገር እስኪሆን ይጠብቃል። ያ ነገር ሲሆን ራሱ ይነሳል። ማንም አያዘውም፣ ማንም ማና ከፍሎ አይቀሰቅሰውም። ይሄንን ችሎታ እኛ «ደወል» ብለን ሰይመነዋል፣ ምክንያቱም የትምህርት ቤታችንም ደወል ሰዓቱ ሲደርስ ይደወላል እንጂ ዘበኛው «ልደውል ወይ ልጆች?» ብለው አይጠይቁንም። በእንግሊዝኛው ካርድ ላይ ደወልን የምታውቁት «ዌን»፣ «ዌንኤቨር» ወይም «አት» በሚሉት ቃላት ነው። በአማርኛ «ሲሆን»፣ «በሆነ ቁጥር»፣ «በዚህ ጊዜ» እንደማለት ነው። በደወል ላይ ትልቁ ጥያቄ ሁልጊዜ አንድ ነው፦ ምን ሲሆን ነው የሚደውለው?

ሰኞ ማክሰኞ የተጫወታችሁ ይሄንን ታውቁታላችሁ። «መስመር የረገጠ ይወጣል» እንላለን። እሺ፣ ተገፍቶ የረገጠስ? አንዱ ሰፈር ይወጣል ይላል፣ ሌላው ሰፈር እንደገና ይዝለል ይላል። እግሩ መስመሩ ላይ ካረፈ ይበቃል ወይስ ራሱ መርገጥ አለበት? የካርዳችንም ጠብ ቁርጥ ይሄው ነው።

አሁን ወደ ድመቷ እንምጣ። ስቴፕ ሊንክስ ትባላለች፣ የዱር ድመት ናት። አንድ ማና ብቻ ነው የምታስወጣው። የመምታት ጉልበቷ 0፣ የመቋቋም አቅሟ 1 ነው። እንዲሁ ስትታይ ምንም አትረባም። ግን ላንድፎል የሚባል ደወል አላት። ላንድፎል ዘንዲካር በሚባለው፣ እ.ኤ.አ. በ2009 በወጣው የካርድ ስብስብ የመጣ ነው። ሐሳቡ «አንተ የምታዝዘው መሬት ወደ ጦር ሜዳ በገባ ቁጥር» የሚል ነው። ያ በሆነ ቁጥር ድመቷ እስከዚያ ተራ መጨረሻ ድረስ በጉልበትም በአቅምም 2 ትጨምራለች። 0 የነበረው 2፣ 1 የነበረው 3 ይሆናል ማለት ነው።

ኢቮልቪንግ ዋይልድስ የሚባል መሬት ደግሞ አለ። እኛ «ተለዋዋጩ ዱር» እንለዋለን። ራሱ ማና አይሰጥም። ግን ታወርደውና፣ መሥዋዕት አድርገህ ወደ መቃብር ትልከዋለህ፤ በሱ ፈንታ ከክምርህ ውስጥ ከአምስቱ መሬቶች አንዱን ፈልገህ፣ ወደ ጎን የተኛ አድርገህ ጦር ሜዳ ላይ ታስቀምጣለህ፤ ከዚያ ክምሩን ትበውዛለህ።

የ5ኛ ክፍሏ ልጅ ያደረገችው ይሄንኑ ነው። ድመቷ ጦር ሜዳ ላይ ነበረች። ተለዋዋጩን ዱር አወረደች፣ ድመቷ ሁለት ጨመረች። ዱሩን ሠዋችና ከክምሯ ሜዳ አወጣች፣ ድመቷ እንደገና ሁለት ጨመረች። 4 በ5 ሆነች። ልጁ «አንድ ተራ፣ አንድ መሬት!» አለ። «ሁለተኛው አይቆጠርም፣ እሱን መቼ አወረድሽው?» አለ። ልባዱ ላይ ምን ተብሎ እንደተጻፈ ሲታይ «መሬት በወረደ ቁጥር» ይላል። ልጁ ልባዱን ይዞ ሲከራከር እውነት ያለው ይመስላል።

እውነቱ ግን ከልጅቷ ጋር ነው። ሕጉ የሚገድበው ማውረድን ነው። ማውረድ ማለት በራስህ ተራ የምትፈቀድልህን ያቺን አንዷን መሬት መጣል ነው። ሌላ ካርድ «ፈልገህ አስቀምጥ» ብሎ ያስገባልህ መሬት ግን አልወረደም፣ ገባ እንጂ። ገደቡም አይነካውም። የድመቷ ደወል ደግሞ የሚሰማው መግባትን ነው። ከእጅ ይምጣ፣ ከክምር ይምጣ፣ ከመቃብር ይምጣ ግድ የላትም። በር ላይ የተቀመጠች ድመት በሏት፤ የሚገባውን ትቆጥራለች፣ ማን እንዳስገባው አትጠይቅም።

«ታዲያ ሁሉንም መግባት ብንለው አያልቅም?» የሚል አለ። አያልቅም! የባሰው የሚመጣው እንዲያውም ያኔ ነው። በርጅኒንግ የሚባል ካርድ አለን፣ በአማርኛ «ማቆጥቆጥ» ተብሏል (ትርጉሙ በጣም ነው ደስ ያለኝ፣ የተረጎመችው ልጅ ትመስገን)። የሱ ደወል ሌላ ነው። «ተጋጣሚህ መሬት ባወረደ ቁጥር ከእጅህ አንድ መሬት ጦር ሜዳ ላይ ማስቀመጥ ትችላለህ» ይላል። እዚህ እንግሊዝኛው «ፕሌይ» ነው ያለው፣ «ኤንተር» አላለም። ስለዚህ ያቺ ልጅ ተለዋዋጩን ዱር ስታወርድ የተጋጣሚዋ ማቆጥቆጥ አንዴ ይደውላል። ከክምሯ ሜዳዋን ስታወጣ ግን አይደውልም፣ ምክንያቱም ሜዳው አልወረደም። አያችሁ? በአንድ ተራ፣ በእነዚያው ሁለት መሬቶች፣ የሷ ድመት ሁለቴ ትሰማለች፣ የሱ ማቆጥቆጥ አንዴ።

ሁለቱንም ቃል አንድ ካደረግነው ምን ይመጣል? ሁለት ልጆች እያንዳንዳቸው አንድ አንድ ማቆጥቆጥ አላቸው እንበል። አንዱ መሬት ያወርዳል። የሌላው ማቆጥቆጥ ይደውልና መሬት ያስገባል። አሁን የመጀመሪያው ማቆጥቆጥ ያንን እንደወረደ ቆጥሮ ይደውላል፣ እሱም ያስገባል። እንደገና የዚያኛው። እንዲህ እያለ የሁለቱም እጅ መሬት እስኪያልቅ ይሄዳል። በእውነተኛው ሕግ ግን አንዴ ብቻ ይደውልና ይቆማል፣ የገባው መሬት አልወረደምና። ካርዱን የሠሩት ሰዎች ቃሉን የመረጡት ለጌጥ እንዳልሆነ ከዚህ ይታያል።

ሌላም ጣጣ አለ፣ የእኛው ፊደል ያመጣው። «በወረደ» እና «ባወረደ» ልዩነታቸው የ«በ» እግር ብቻ ነው እንዴ እስክትሉ ድረስ ይመሳሰላሉ። አንደኛው መሬቱ ራሱ ወረደ ነው፣ ሁለተኛው ሰው አወረደው ነው። «በ» ሁለቱም እግሮቿ እኩል ናቸው፣ «ባ» አንዱ እግሯ አጭር ነው። በእስክሪብቶ፣ በጉልበት ላይ፣ አምስት ደቂቃ በቀረው እረፍት የተጻፈ «ባ» ከ«በ» የሚለየው በጸሎት ነው። ስለዚህ የኔ ሐሳብ ይሄ ነው፦ ልባድ ላይ «በወረደ» የሚለው ቃል ጨርሶ አይጻፍ። «ፕሌይ» ላለው «ባወረደ»፣ «ኤንተር» ላለው «በገባ» ብቻ። ቃሉ ሩቅ ለሩቅ ሲሆን የእጅ ጽሑፍ አያበላሸውም።

እጅ ይውጣ የሚሉትን በተመለከተ፣ እጅ የሚወጣው ምርጫ ባለበት ነገር ነው። የክፍል አለቃ ሲመረጥ እጅ ይወጣል። 7 ሲባዛ በ8 ስንት እንደሆነ ግን እጅ አናወጣም። የካርዱ ባለቤት ይወስን የሚለውማ ከሁሉም የባሰ ነው፤ ባለቤቱ ራሱ ተጫዋች ነዋ! ኳሱ የኔ ነው ብሎ ዳኛ የሚሆን ልጅ ሁላችንም ሰፈር አለን።

ይከልከል ለሚሉት ደግሞ በአክብሮት እላለሁ፦ ያቺ የ5ኛ ክፍል ልጅ በሁለት የእንግሊዝኛ ቃላት መካከል ያለውን ልዩነት ከ8ኛ ክፍል ልጅ ጋር ቆማ ተከራከረችበት። ይሄ በክፍለ ጊዜ ቢሆን ጭብጨባ ነበር የሚያሰጣት።

አሁን ደግሞ ብዙ ሰው ስለሚሳሳትበት ሌላ ነገር። «መሬት ስታወርድ ልከለክላት እችላለሁ?» የሚል ጥያቄ ደጋግሞ መጥቶልናል። አትችልም። መሬት ሲወርድ መሃል ገብቶ መልስ መስጠት የለም። ደወሉ ግን ከተደወለ በኋላ ወዲያው አይፈጸምም፣ ወረፋ ይይዛል፣ ያኔ መልስ መስጠት ይቻላል። ወረፋው እንደ ዳቦ ቤት ወረፋ አይደለም። መምህር ጠረጴዛ ላይ እንደሚቆለል ደብተር ነው፦ መጨረሻ የተቀመጠው ከላይ ስለሆነ መጀመሪያ የሚታረመው እሱ ነው። ልጅቷ ተለዋዋጩን ዱር አወረደች፣ የድመቷ ደወል ተቆለለ። ድመቷ ገና 0 በ1 ናት። ተጋጣሚዋ እዚህ ላይ ሾክ የሚባለውን፣ 2 ጉዳት የሚያደርሰውን ካርድ ቢጥልባት ሾኩ ከደወሉ በላይ ስለሆነ ቀድሞ ይሠራል፣ ድመቷም ትሞታለች። ግን ልጅቷ ብልህ ከሆነች ዝም አትልም። ሾኩ ሳይሠራ ዱሩን ትሠዋለች። ያ ከሾኩ በላይ ይቆለላል፣ ሜዳው ይገባል፣ ሁለተኛው ደወል ይደወላል፣ ድመቷ 2 በ3 ትሆናለች። ከዚያ ሾኩ ይመጣና 2 ብቻ ይመታታል፤ ተረፈች። የመጀመሪያው ደወል ከሥር ሆኖ ሲጠብቅ ቆይቶ መጨረሻ ላይ ይሠራና 4 በ5 ያደርጋታል። ድመቷን ያዳናት እንግዲህ ያ «አይቆጠርም» የተባለው ሁለተኛው መሬት ነው።

አንድ ነገር ይቀረኛል፣ እሱም ከፍ ያለ ክርክር ያስነሳል። ደወል የሚረሳ ልጅ ብዙ ነው፣ በተለይ ከታች ክፍሎች። በትልልቅ ውድድሮች ሕግ ተጋጣሚህ የራሱን ደወል ቢረሳ የማስታወስ ግዴታ የለብህም። የራስህን፣ አንተን የሚጎዳ ደወል አውቀህ መዝለል ግን ማጭበርበር ነው። የ8ኛ ክፍል ልጆች የመጀመሪያውን ግማሽ በደንብ አጥንተዋል። እኔ ግን እላለሁ፣ እዚያ ውድድር ላይ የተቀመጡት ሁለቱም የካርዱን ቋንቋ የሚያነቡ ናቸው። እዚህ አንዱ ያነባል፣ አንዱ ገና ፊደል እየቆጠረ ነው። እኩል ሳያነቡ «ረሳህ» ማለት ምን ማለት ነው? ያላነበበውን እንዴት ይረሳል? ስለዚህ በእኛ ግቢ እስከዚህ ዓመት መጨረሻ ድረስ ተጋጣሚ የተጋጣሚውን ደወል ያስታውስ። «ድመትህ ደውላለች» ለማለት ሁለት ቃል ነው። በዚህ ምክንያት የሚሸነፍ የ8ኛ ክፍል ልጅ ካለ ይሸነፍ።

የእንግሊዝኛ ክበብ አስተባባሪ መምህራችን ልባዶቹን ከእውነተኛው ካርድ ጋር ለማስተያየት ፈቃደኛ ሆነዋል። «በወረደ» የሚል የተጻፈበት ካርድ ያላችሁ ዓርብ በረጅሙ እረፍት ወደ ሚኒ ሚዲያ ክፍል አምጡት። ልባድ እና እስክሪብቶ ከእኛ፣ መቀስ ግን አንድ ብቻ ስላለን የራሳችሁን ያዙ።