በአንድ ስሕተት ሰው አይመዘን

ዘንድሮ በክፍሎች መካከል በተደረገው የእግር ኳስ ውድድር ክፍላችን 1 ለ0 ተሸንፎ መውጣቱን ታስታውሳላችሁ። ያችን ግብ ያገባው ተጋጣሚያችን አልነበረም። የራሳችን ተከላካይ ኳሱን ለበረኛው እመልሳለሁ ብሎ ወደ ግባችን ሰደደው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ይህን ጓደኛችንን በስሙ የሚጠራው ጠፋ፤ የተጋጣሚዎቻችን አሥራ ሁለተኛ ተጫዋች ነው ለማለት «አሥራ ሁለተኛው» ተባለ። ይህን ቅጽል ያወጣሁለት እኔ ነኝ። ሁሉም ሲስቅ ደስ ብሎኝ ነበር፤ እሱ ግን ከዚያ ወዲህ ወደ ሜዳ አልመጣም።

እንዲህ ያለው ነገር በዓለም ዋንጫ ላይ የደረሰበትን አንድ ሰው ታሪክ ላውጋችሁ። ስሙ ኢቪትሳ ሆርቫት ይባላል። በ1926 በአውሮፓውያን አቈጣጠር (የሚከተሉትም ዓመቶች እንዲሁ ናቸው) በክሮኤሽያ፥ በሲሳክ ከተማ ተወለደ። እስከ 1957 ድረስ ለዲናሞ ዛግሬብ በተከላካይነት ሲጫወት፥ ክለቡ በ1948 እና በ1954 የዩጎዝላቪያን ሻምፒዮና አገኘ። ክሮኤሽያ በዚያን ዘመን የዩጎዝላቪያ ክፍል ስለ ነበረች፥ ሆርቫት ለዩጎዝላቪያ ብሔራዊ ቡድን 60 ጊዜ ተሰልፏል። በ1952 በሄልሲንኪ ኦሊምፒክ ቡድኑ ከሶቪየት ኅብረት ጋር 5 ለ5 ከተለያየ በኋላ በድጋሚው 3 ለ1 አሸነፈ። በፍጻሜው በሀንጋሪ 2 ለ0 ተረትቶ የብር ሜዳልያ ይዞ ተመለሰ።

ሰኔ 27 ቀን 1954 ግን ክፉ ቀን ሆነበት። በስዊስ አገር፥ በጄኔቭ፥ ዩጎዝላቪያ ከምዕራብ ጀርመን ጋር ለግማሽ ፍጻሜ ለማለፍ ትጫወት ነበር። ገና በመጀመሪያዎቹ አሥር ደቂቃዎች ውስጥ ሆርቫት በጭንቅላቱ የመታት ኳስ ከራሱ ግብ ገባች። ወደ መጨረሻው ሄልሙት ራን ሁለተኛውን አገባና ዩጎዝላቪያ 2 ለ0 ተሸነፈች። ጀርመኖቹም በዚያው ጕዞ የዓለምን ዋንጫ ወሰዱ።

እንግዲህ ጥፋተኛው ማን ነው? ብዙ ሰው «ሆርቫት» ይላል። እኔ ግን ልጠይቅ፤ ከዚያች ግብ በኋላ ከሰባ ደቂቃ የሚበልጥ ጊዜ ቀርቶ አልነበረምን? ቩካስ፥ ቦቤክ፥ ሚቲችና ዜቤትስ የሚባሉት ዝነኞች አጥቂዎች ሜዳ ላይ ነበሩ፤ አንድም ግብ ግን አላገቡም። አጥቂ አሥር ጊዜ ስቶ አንድ ጊዜ ቢያገባ በትከሻ ይያዛል። ተከላካይ አሥር ጊዜ አድኖ አንድ ጊዜ ቢስት ያዳናቸው ዐሥሩ ይረሳሉ። ይህ ፍርድ ሚዛን የለውም።

የሆርቫት ታሪክ በጄኔቭ አላበቃም። ቡድኑ አልጣለውም፤ እስከ 1956 ድረስ ለአገሩ ተሰልፏል። በ1957 ለፍራንክፈርት ክለብ ሊጫወት የሄደው ወደዚያችው ወደ ጀርመን ነበር። በኋላም አሠልጣኝ ሆነና በ1972 የሻልከን ቡድን ይዞ ካይዘርስላውተርንን 5 ለ0 በመርታት የጀርመንን ዋንጫ አነሣ። በራሱ ግብ ላይ ባገባው ኳስ የረዳቸው ጀርመኖች ልጆቻቸውን እንዲያሠለጥንላቸው አደራ ሰጡት። በ2012 ሲሞት ሰማንያ ስድስት ዓመቱ ነበር። ይህን ሁሉ ዕድሜ በአንዲት ኳስ መመዘን ይገባልን?

«ስሕተት ካልተወቀሰ ማን ይጠነቀቃል?» የሚል ይኖር ይሆናል። ልክ ነው፤ መታረም ያስፈልጋል። ነገር ግን ማረም ሌላ፥ ማላገጥ ሌላ ነው። ያረመው ሰው ተጫዋቹን ወደ ሜዳ ይመልሰዋል፤ ያላገጠበት ግን ከሜዳ ያስወጣዋል። «በወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል» እንደሚባለው፥ ለወደቀው ጓደኛችን ምሳር ያቀበልሁት እኔ ነኝ። ወላጆቻችንና መምህሮቻችንም አንድ ልጅ በአንድ ፈተና ቢወድቅ ይህንኑ ነገር እንዲያስቡልን እለምናለሁ።

ጓደኛዬ ሆይ፥ ስምህን በሁሉ ፊት አጥፍቻለሁና ይቅርታህንም በሁሉ ፊት እጠይቃለሁ። በሚመጣው ዓመት የኋላ መስመራችን ያላንተ አይቆምም። ቅጽሉን ግን ከዛሬ ጀምሮ እኔ ራሴ ሽሬዋለሁ።